ሦስት ስንዝር

ጡረተኛው የልኬት ተቆጣጣሪ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የነጋዴ ሚዛን ሲፈትሽ ኖሮ፣ ሰው ሁሉ ሌባ ነው ብሎ ደምድሟል። ልዩነቱ በተያዘውና ገና ባልተያዘው መካከል ነው ይል ነበር። ጡረታ ወጥቶ የሚፈትሸው ሚዛን ሲያጣ ኮይ የሚባል አንድ የጌጥ ዓሣ ገዛ።

«ገና ልጅ ነው» አለው ሻጩ። «ከተመቸው የዚህን ግማሽ ይጨምራል። ጠባብ ቦታና ቆሻሻ ውሃ አይወድም፤ ሲበርደው አይበላም። ዘሩ ደህና ነው። የቀረው በእናንተ እጅ ነው።»

ተቆጣጣሪው ግቢው ውስጥ እስከ ወገብ የሚደርስ ኩሬ አስቆፈረ፣ ማጣሪያ አስገጠመ፣ አንድ ደብተርም አዘጋጀ። ወር በገባ በመጀመሪያው እሑድ ዓሣው ይለካል። በመጀመሪያው ቀን የብረት ሜትር ተሞክሮ ነበር። ዓሣው ብረቱን ሲያይ ደንብሮ ሁለት ቀን ምግብ ሳይነካ ቀረ። ሳይፈራ የሚቀርበው የቤቱን ትልቅ ልጅ ብቻ ነበር፤ ከመዳፏ ይበላል፣ ጀርባውን ስትዳስሰውም ዝም ይላል። ስለዚህ እሷ በስንዝር እንድትለካው ተወሰነ። ሦስት ስንዝር ሆነ፤ ተጻፈ።

አንድ እሑድ ሚስቱ «ዛሬ እኔ ልለካው» ብላ እጅጌዋን ስትሰበስብ ከለከላት።

«ስንዝር ከሰው ሰው ይለያያል። ዛሬ ያንቺ፣ ነገ የእሷ ከሆነ ልኬት አይባልም። አንድ ነገር በአንድ እጅ ነው የሚለካው።»

ይህን የማያውቅ ሰው በዓለም ላይ መብዛቱ ሁልጊዜ ይገርመው ነበር። ሚስቱን ጨምሮ።

ሰባት ዓመት አለፈ። ደብተሩ ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው ሦስት ስንዝር ይላል።

ተቆጣጣሪው ዝም ብሎ አልተቀመጠም። ኩሬው ጠብቦት ይሆናል ብሎ አሰፋው። ማጣሪያውን ሁለት ጊዜ ቀየረ። ለብርድ ጊዜ ማሞቂያ አስገባ። ዓሣው ግን ያው ሦስት ስንዝር ነው። ቦታው፣ ውሃውና ሙቀቱ ከተመረመሩ የቀረው ምግቡ ነበር። የምግቡ ሣጥን ቁልፍ ደግሞ ያለው አትክልተኛው እጅ ነው።

አትክልተኛው ዓሣው ከተገዛ ጀምሮ እዚያው ቤት የሠራ ሰው ነው። ከኩሬው ጀርባ ባለች አንዲት ክፍል ከታመመች ሚስቱ ጋር ይኖራል። አራት ዶሮዎች አሉት። ዶሮዎቹ ለጉድ ወፍረዋል።

«ዓሣው ለምንድን ነው የማያድገው?» ብሎ ጠየቀው ተቆጣጣሪው።

«አድጓል እኮ፣ ጌታዬ።»

«ያደገው ምላስህ ነው። ደብተር አለኝ እኮ እኔ።»

«ደብተሩን አላውቅም። እኔ የማውቀው ዓሣውን ነው።»

«ልጄን እያት። አምና የገዛሁላት ጫማ ዘንድሮ አይገባትም። ለምን? ስለምትበላ። የበላ ያድጋል። ያላደገ አልበላም ማለት ነው፤ እሱ ያልበላውን ደግሞ ሌላ በልቶታል።» ይህን ብሎ ወደ ዶሮዎቹ ዞረ። አትክልተኛው ከኩሬው ላይ ቅጠል መልቀሙን ቀጠለ፤ ይህም ተመዘገበበት።

በዚያው ሰሞን ከሩቅ አገር ሥራ የተመለሰ የተቆጣጣሪው ሚስት ወንድም ሊጠይቃቸው መጣ። ኩሬው ዳር ቆሞ «ይሄ ዓሣ እንዴት አድጓል እባካችሁ» አለ። ተቆጣጣሪው እስከ ምሳ አላናገረውም። አማቹ ድሮም አሽሟጣጭ ነበር።

ቅዳሜ ጠዋት አትክልተኛው ቁልፉን አስረክቦ ቤቱን እንዲለቅ ታዘዘ።

«ጌታዬ፣ ሚስቴን ይዤ የት ልግባ? እስኪሻላት እንኳ ይታገሡኝ። በፈጣሪ እምላለሁ፣ አንዲት ፍሬ አልወሰድኩም።»

«ሌባ ላመሉ ዳቦ ይልሳል አሉ። ዓይንህን በጨው ታጥበህ ትምልልኛለህ?»

ይህ የተባለው በር ላይ ነው፤ ጎረቤት ሁሉ ሰምቷል። በዚያ ሰፈር ሌባ የተባለን ሰው ሌላ ቤት እንደማይቀጥረው አትክልተኛውም ተቆጣጣሪውም ያውቁ ነበር። ሰውየው ፍራሹን ጠቅልሎ፣ ዶሮዎቹን በካርቶን አድርጎ፣ ሚስቱን ደግፎ ወጣ። ሚስትየው መንገዱ ላይ ሁለት ጊዜ ቆማ አረፈች። ማየቱ ያማል፤ ተቆጣጣሪው ግን አላየም፤ አዲስ ቁልፍ እየሞከረ ነበር።

በማግስቱ እሑድ የልኬት ቀን ነበር። ትልቋ ልጅ ከክፍሏ አልወጣም አለች።

«እሳቸው ሌባ አይደሉም» አለች በሩ ውስጥ ሆና። «ሲሰፍሩለት፣ ሲያበሉት አብሬያቸው ነበርኩ። እኔ እጄን አልነክርም።»

«የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሆነሽ የሰው ተንኮል አታውቂም» አለ አባቷ። ብዙም አልተከራከራት። የዛሬው ልኬት ለወጉ ያህል ነው፤ ዓሣው ሙሉ ምግቡን የሚያገኘው ገና ከዛሬ ጀምሮ ነው። ለአንድ ቀን ቢሆን ችግር የለውም ብሎ ታናሽ እህቷን ጠራ።

«እኔ እችላለሁ?» አለች ታናሿ።

«እህትሽም በአምስት ዓመቷ ነው የጀመረችው። ነይ፣ ከአፉ ጀምሪ።»

ልጅቷ ኩሬው ዳር በሆዷ ተኛች። ዓሣው ከእህቷ ጋር ስትመጣ ለምዷት ስለነበር አልሸሸም። ተቆጣጣሪው ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ደብተሩን ገለጠ፤ ቀኑን ጻፈ፤ ጊዜ ላለማባከን ሦስት ስንዝር የሚለውንም አብሮ ጻፈ።

«አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት…» አለች ትንሿ። «አባዬ፣ ጭራው ጋ ገና አልደረስኩም።»