መራራው ወረቀት

አማቷ የጥቅል ጎመኑን ሳህን እንደ ልማዳቸው ገፋ አድርገው «ይመራል» ሲሉ፣ የባዮሎጂ መምህርቷ ትዕግሥቷ አለቀ። ባሏ እንደሆነ አንድም ቀን አስተርፎ አያውቅም፤ ጥርግ አድርጎ በልቶ «እጅሽ ይባረክ» ነው የሚላት። ይሄ ነገር ፍለጋ ካልሆነ ምንድን ነው? ጠዋት በዘረመል ትምህርት ላይ ተማሪዎቿን ያቀመሰቻቸውን፣ መራራ ኬሚካል የተነከረ ወረቀት ከቦርሳዋ አወጣች። ግማሹ ክፍል እየጮኸ ሲተፋው፣ ግማሹ ምንም አልቀመሰም ነበር።

አንዱን ቁራጭ ለአማቷ ሰጥታ ሌላውን እሷ ምላሷ ላይ አደረገች። ለእሷ ተራ ወረቀት ነበር። አማቷ ግን «ኧረ በፈጠረሽ! እሬት ነው እንዴ?» ብለው ተፉት።

መምህርቷ ክው አለች፤ ከዚያ ሳቋ አመለጣት። «ለካ ምላስዎ ነው እማማ! መራራን አጥርቶ የሚለይ ዘረመል ይዘው ተወልደዋል፤ እኔ የለኝም። ስንት ዓመት በከንቱ አማሁዎት!» ብላ ጉንጫቸውን ሳመቻቸው።

«ታዲያ ይሄ ነገር ለልጅ ይተላለፋል?» አሉ አማቷ፣ ልጃቸውን ሰረቅ አድርገው እያዩ።

ባልየው ጎመኑን ጠርጎ ጨርሶ ነበር። ከወረቀቱ ሌላ ቁራጭ ቀዳ ምላሱ ላይ አኖረችለት። ዓይኖቹ እንባ አቀረሩ፤ ምራቁን በግድ ዋጠና፣

«እጅሽ ይባረክ» አላት።