ኮት የተሰቀለበት ብስክሌት

መምህሯ ጥቁር ሰሌዳው ላይ የሣለችውን ብስክሌት በጠመኔ እየነካካች፣ "ፔዳሉን ስትረግጡት ሰንሰለቱ ይዞራል፤ ሰንሰለቱ ደግሞ የኋላውን ጎማ ያዞረዋል" አለች።

ከፊት የተቀመጠች ልጅ እጇን አወጣች። "ቲቸር፣ ይሄኛው ግን አይዞርም እኮ።"

ልጆቹ በሳቅ ፈነዱ። የመምህሯ ደም ግን ፈላ። ለተማሪዎች በስጦታ የመጣው ብስክሌት፣ "ልጆቹ ይሰብሩታል" ተብሎ ርዕሰ መምህሩ ቢሮ ከገባ ሁለት ዓመት ሆኖታል። ጠመኔውን ወርውራ ወጣች፤ ልጆቹም ግር ብለው ተከተሏት።

የቢሮውን በር ሳታንኳኳ ከፈተችው። የብስክሌቱ መሪ ላይ የርዕሰ መምህሩ ኮት ተሰቅሎ ነበር። ኮቱን አንስታ ወንበራቸው ላይ የተቀመጡትን ርዕሰ መምህር አስታቀፈቻቸውና ብስክሌቱን መግፋት ጀመረች።

"ምን ነካሽ? ቢሰብሩትስ?" አሉ ርዕሰ መምህሩ ብድግ ብለው።

ብስክሌቱ አልገፋ አላት። ሁለቱም ጎማዎች ተንፍሰዋል፤ ሰንሰለቱ ዝጓል።

"ይሄን ማን ሰበረው ታዲያ?" ብላ ጮኸች። "አንድ ልጅ እንኳን አልነካውም!"

ርዕሰ መምህሩ ኮታቸውን እንደታቀፉ ከመንገዷ ገለል አሉ። እሷ ብስክሌቱን እየጎተተች ግቢው መሃል አወጣችና ገልብጣ አቆመችው። ልጆቹ ዙሪያውን ቁጢጥ አሉ።

"ዛሬ ጥገና ነው የምንማረው" አለቻቸው። ከዚያ በሩ ላይ ወደቆሙት ርዕሰ መምህር ዞረች። "እርስዎ ደግሞ ኮትዎን ያስቀምጡና ፓምፕ ፈልገው ያምጡልን!"