በፀሐይ ላይ ያለፈችው ነጥብ

የዜባልድን ዓይን የበላችው ፀሐይ ናት። ሰው ጥላ ፈልጎ የሚሸሻትን፣ እሱ በመነጽር ቱቦ አፍጥጦ ሲያያት ኖረ፤ አንድ ቀን ጠዋት ኑርንበርግ ከተማ ጨልማ ቀረችበት። ደግነቱ ስሌቱን ከዚያ በፊት ጨርሷል።

ስሌቱ የሚለው፣ ፕላኔቶች የሚዞሩት በክብ ሳይሆን በሞላላ መንገድ ነው። ይህን በማስተማሩ ከላቲን ትምህርት ቤት አባረሩት፤ ወንበሩንም ለባልደረባው ለዶክተር ኤንድሬስ ሰጡበት። ዜባልድ ግን አንድ ማስረጃ ይዞ ነበር። መንገዱ ሞላላ ከሆነ፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ እሱ በሚያውቀው ቀን፣ ሜርኩሪ የተባለችው ፕላኔት በፀሐይ ፊት አቋርጣ ታልፋለች፤ እንደ ጥቁር ነጥብም ትታያለች። ያን ቀን ነጥቧን ያየ ሰው ምሎ ከመሰከረለት ወንበሩም ስሙም ይመለሱለታል። ካልታየች ዓይኑን የገበረው በከንቱ ነው። ሰርቀው እንዳይቀድሙት ስለፈራ፣ ቀኑን ከሚስቱ ከቫልቡርጋ በቀር ለማንም አልተናገረም።

ቫልቡርጋን ጣሪያ ሥር ባለችው ጨለማ ክፍል ራሱ አሠለጠናት። ቱቦው በመስኮቱ ሽንቁር በኩል የፀሐይን ምስል ነጭ ወረቀት ላይ ይጥላል፤ እሷ ወረቀቱን እያየች ትነግረዋለች። ጎበዝ ተማሪ ወጣት።

«ዓይኔ አንቺ ነሽ» ይላት ነበር። «የአንቺም ዓይን የጠፋ ዕለት ወንዙ ውስጥ ነው የምገባው። ቅርብ ነው፣ ዕውርም አይስተው።»

ቀልዴን ነው ቢልም፣ እሷ አንድም ቀን ስቃለት አታውቅም።

ከሁለት ክረምት ወዲህ ግን ሴትዮዋ ተለወጠችበት። መዝሙረ ዳዊቱን ከመጽሐፍ ማንበብ ትታ በቃሏ ትወጣለታለች፤ እሱም መስመር እየዘለልሽ ነው፣ ሰነፍሽ ብሎ ያሾፍባታል። መርፌና ክሯን ጥላ ሱፍ መፍተል ያዘች። ሾርባው አንድ ቀን ጨው ይበዛበታል፣ አንድ ቀን ጭራሽ ይረሳል። ማታ ቤቱ ውስጥ የሻማ ሽታ ጠፋ፤ ምነው ሲላት፣ ሻማ ተወዷል አለችው። ሰማዩ ጠርቷል ወይ ብሎ ሲጠይቃት እንኳ፣ በመስኮት ብቅ ብላ ማየት ሲበቃት፣ ደጅ ወጥታ ከጎረቤት ጋር አውርታ አውርታ ትመለሳለች። ልቧ ከቤት ወጥቷል አለ ዜባልድ በሆዱ። ሾርባው ሲበላሽ ነበር መንቃት የነበረብኝ ብሎም ራሱን ወቀሰ።

ቀጥሎ የቅርንፉዱ ሽታ መጣ። ዶክተር ኤንድሬስ ጥርሱን ስለሚያመው ቅርንፉድ ያኝካል፤ የትም ቢሄድ ሽታው ይቀድመዋል። ያ ሽታ አሁን የዜባልድ ቤት ደረጃ ላይ፣ ይባስ ብሎም የሚስቱ ሻሽ ላይ ይሸት ጀመር። ጠየቃት። ለሥጋው ማጣፈጫ ገዝቼ ነው አለችው። በዚያ ሳምንት እነሱ ቤት ሥጋ አልተበላም።

ቀኑ ደረሰ። ሪህ እግሩን ስለያዘው እሱ ደረጃው ግርጌ ተቀመጠ፤ እሷ ወጣች። ጥቂት ቆይቶ በጓሮ በኩል ያለው መሰላል ተንቋቋ። ከዚያ ከአናቱ በላይ የሁለት ሰው ኮቴ ሰማ።

«ማነው ከአንቺ ጋር?»

«ማንም የለም። ነፋስ ነው።»

ጠዋቱ አላልቅ አለው። እኩለ ቀን ካለፈ በኋላ ቫልቡርጋ ወረደች። ድምፅዋ በለቅሶ ሰልሏል።

«ምንም የለም» አለችው።

«ቁንጫ የምታክልም?»

«ቁንጫ የምታክልም የለችም፣ ዜባልድ። ፀሐይዋ ንጹሕ ናት።»

ያን ዕለት ማታ ስሌቱን በገዛ እጁ ምድጃ ውስጥ ጨመረው። ወረቀቱ ሲቃጠል እሷ አጠገቡ ቁጭ ብላ ታለቅስ ነበር፤ እሱም እጇን ይዞ አባበላት። በኋላ ላይ ይህን ባስታወሰ ቁጥር ያንገበግበው ነበር።

ሳምንት ሳይሞላ ዶክተር ኤንድሬስ የከተማው ሹማምንት ፊት ቆመ። ሜርኩሪ በፀሐይ ፊት ስታልፍ በዓይኔ በብረቱ አየኋት፣ ቀኑንም ያሰላሁት እኔ ነኝ አለ። ለክብሩ ደወል ተደወለ። ዜባልድ ስሌቱ የኔ ነው ብሎ ቢጮህም የሚያሳየው ወረቀት አመድ ሆኗል። ዕውርነት ሳያንሰው ምቀኝነት ጨመረበት ብለው ሳቁበት።

እያነከሰ ቤቱ ገባ። ቫልቡርጋ ወሬውን ከእሱ በፊት ሰምታለች።

«ያን ቀን እዚህ መጥቶ ነበር?»

«መጥቷል።»

«ማን ጠራው?»

«እኔ።»

«ቀኑንስ?»

«እኔው ነኝ የነገርኩት» አለች። «ግን እግዜር ምስክሬ ነው፣ እኔ ምንም አላየሁም።»

ያመኑት ፈረስ ጣለ በደንደስ ማለት ይኼ ነው። ዜባልድ እንደዚያ ቀን ሰው ጠልቶ አያውቅም፤ ዓይኑን የወሰደችውን ፀሐይ እንኳ እንዲህ አልጠላትም። ለምን አደረግሽው ብሎ ጠየቃት። ለመናት፣ ሰደባት፣ መልሶ ጠየቃት። እሷ ሄዳ የወንዙ ድምፅ የሚገባበትን መስኮት ዘጋች።

«እንግዲያው ዓይንሽን ይዘሽ ከቤቴ ውጪልኝ» አላት።

በማግስቱ ወንድሟ ከገጠር ጋሪ ይዞ መጣ። ቫልቡርጋ ጥቅልሏን አንጠልጥላ ደጃፉ ላይ ስትደርስ ቆመች። ዜባልድም መሄዷን ሊያረጋግጥ ግድግዳውን እየዳበሰ ከኋላዋ መጣ።

«ምን ይገትርሻል? መንገዱ እንደሆነ ፊትሽ ነው» አላት።

ወንድሟ ከጋሪው ዘሎ ሲወርድ ተሰማ። «ኧረ ሁለታችሁም ባላችሁበት ቁሙ፤ ደረጃው በረዶ ይዟል፣ የሁለታችሁም ዓይን አያይም።»