ተቀምጦ የሚነገር ቃል

አሁንም ተነሣ።

«በቃ!» አለ አስተርጓሚው ገብረአብ፣ ፈረንጁ ካሜራውን አስቁሞ ራሱን ሲይዝ አይቶ። «ዘርአ ዳዊት፣ ምን ሆነሃል? ሰው ሁሉ ይነሣል፣ አንተ ብቻ ትቀመጣለህ። ይሄ ምኑ ይከብዳል?»

ዘርአ ዳዊት ጎረቤቴ ነው፤ ደግሞም ተዋናይ ነው። ፈረንጆች ፊልም ሊያነሡ አንኮበር ብቅ ባሉ ቁጥር እሱን ሳይጠሩ አይሄዱም። አንዴ ጦር ተሸክሞ ሮጧል፤ አንዴ ሬሳ ሆኖ ተኝቷል፤ ለዚያውም አስነጥሶት ሬሳው እንደገና መሞት ነበረበት። አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት የገባ የአገራችን ሰው «ጀርባህን አየሁት» ብሎታል። ዛሬ ግን ዕድሜ ልኩን የተመኘውን ፊትና ቃል ሰጡት። ጌታው በበቅሎ ሲመጣ ሰው ሁሉ ከመቀመጫው ይነሣል፤ እሱ ተቀምጦ «ወንድሜን ገድለህ አልነሣልህም» ይላል። ይኸው ነው።

ችግሩ፣ ጌታውን ሆነው የሚጫወቱት ባላምባራስ ወርቅአገኘሁ ናቸው። ፈረንጁ ካባቸውንና በቅሏቸውን አይቶ ወደዳቸው። ዘርአ ዳዊት የሚያርሰው ደግሞ የሳቸውን መሬት ነው። የአባቱም ጉልበት ለሳቸው አባት ሲነሣ ሲቀመጥ ነው ያለቀው።

«አልታየች፣ ጉልበቴ ነው እኮ» አለኝ ስሜን ጠርቶ በሹክሹክታ። «እኔ ተቀመጥ እለዋለሁ፣ እሱ ይነሣል።»

«ልቀመጥበት እንዴ?» አልኩት። ሌላ ቀን ቢሆን ይስቅ ነበር።

ጉም ከገደሉ እየወጣ ነበር። ፈረንጁ ሰማዩን አይቶ አንድ ነገር ተናገረ።

«የመጨረሻ ነው» አለ ገብረአብ። «አሁን ከተነሣህ ቃሉን ለገብረ ጻድቅ እንሰጠዋለን።»

ገብረ ጻድቅ ከኋላችን ቆሞ ቃሉን ባፉ ውስጥ ሲያላምጥ ይሰማኛል።

«አትጨነቅ፣ ልጄ» አሉ ባላምባራስ ከበቅሏቸው ላይ ፈገግ ብለው። «ደኅና አድርገው ያሳደጉት ሰው እንዲህ ነው።» ሰዉ ሳቀ። ዘርአ ዳዊት አልሳቀም።

ካሜራው ማጉረምረም ጀመረ። በቅሎዋ መጣች። ሁላችንም ብድግ አልን። የዘርአ ዳዊት ጉልበት ተንቀሳቀሰ፤ በሁለት እጁ ሣሩን ጨመደደ። ሣሩ ተነቀለ። ሌላ ጨመደደ።

«ወንድሜን ገድለህ» አለ፤ ድምፁን አላወቅሁትም፤ «አልነሣልህም።»

ፈረንጁ አጨበጨበ። ገብረአብ «አለቀ! አለቀ!» እያለ ጮኸ። ካሜራውን በጨርቅ መሸፈን ጀመሩ።

ባላምባራስ ግን በቅሏቸውን አላዞሩም። ፈገግታቸው የለም። ጨዋታው አልቋል፤ አሁን የሚጠብቁት ለራሳቸው እንዲነሣላቸው ነው።

«ተነሣ እንጂ፣ ዘርአ ዳዊት» አልኩት ክንዱን ይዤ። «ጨርሰሃል እኮ።»

ክንዱ ሥር እንደ ሰደደ ግንድ ከበደኝ። ጉሙ መጥቶ ካሜራውን ሸፈነ፣ ፈረንጁን ሸፈነ። ባላምባራስ ከበቅሏቸው ላይ፣ እሱ ከሣሩ ላይ፣ ይተያያሉ።