ከስንጥቁ ማዶ

በ1972 ዓ.ም. አንድ ረፋድ መሪጌታ ገብረ መስቀል ባሕር ዳር ከጣና ዳርቻ ቆመው ሳለ፣ ከደንገሉ አጠገብ አየሩ እንደ አሮጌ ሸማ ተተርትሮ ተከፈተ። በስንጥቁ ማዶ የዚያው ዳርቻ የዱሮ ቀን ይታይ ነበር። ከወዲያ የበረረ አንድ እርኩም ስንጥቁን ሲያልፍ ሥጋው እንደ አመድ በንኖ አጥንቱ ብቻ እግራቸው ሥር ወደቀ።

ወዲያው ከማዶ ልጃቸው አደይ ብቅ አለች። ከሁለት ዓመት በፊት በቀይ ሽብር የተገደለችባቸው አደይ፣ ገና የሰባት ዓመት ልጅ ሆና።

«አባዬ! ጢምዎ ምነው ነጣ?» ብላ እጆቿን ዘርግታ ወደ ስንጥቁ ሮጠች።

የመሪጌታ ክንድ ሳያዙት ተዘረጋ። ዓይናቸው ግን አጥንቱ ላይ አረፈ። አንድም ቀን ተቆጥተዋት የማያውቁት አባት መቋሚያቸውን አነሡባት።

«ተመለሽ! ሂጅ ብዬሻለሁ!»

ልጅቱ ክው ብላ ቆመች፤ ከዚያ እያለቀሰች ዞረች። ስንጥቁ ሊገጥም ሲል፣ ከወዲያ አንድ ጎልማሳ ለቅሶዋን ሰምቶ እየሮጠ መጣና አነሣት። መሪጌታ የገዛ ራሳቸውን አወቁት።

«እቀፋት» አሉት በለሆሳስ፣ እንባቸው እየወረደ። «አጥብቀህ እቀፋት፤ ቶሎ አታውርዳት።»