ስንቅ ይዞ የመጣ ደቦ

ጎረቤቶቼ ዳገቱን እየወጡ ነው። ከአጥሬ በር ቆሜ አያቸዋለሁ፤ ዶማቸውን ተሸክመው፣ ለካፊያው ላስቲክ ተከናንበው። ከዘንገና ሐይቅ በኩል የመጣው ጉም እስከ ወገባቸው ውጧቸዋል። እሰይ፣ አላሳፈሩኝም! ዛሬ ድንቼን ላስኮተኩት ደቦ ጠርቻለሁ። ጠላው ደርሷል፣ ንፍሮው እሳት ላይ ነው። ባሏ የሞተባት ሴት ደቦ ጠርታ ሰው ከቀረባት ከዚያ ወዲያ ምን ውርደት አለ?

ግን ብዛታቸው ምንድን ነው? እኔ የጠራሁት ሰፈሬን ነው፤ ይሄ ግን ቀበሌው እንዳለ የወጣ ይመስላል። አካፋ የያዘም አያለሁ። ለድንች ኩትኮታ ደግሞ አካፋ ምን ያደርጋል?

ቀድሞ የሚደርሰው ውቤ ነው። አጥራችን አንድ ነው። ይህን ቤት ሲሠሩልኝ ከጣሪያው ወድቆ እስካሁን ያነክሳል።

"እንደምን አደሩ ልክየለሽ?" ይለኛል።

በአማርኛ! ውቤ እኮ ከልጅነታችን ጀምሮ በአዊኛ እንጂ በሌላ አዋርቶኝ አያውቅም፤ ያውም "አንቺ" እያለ። በአማርኛማ ቢሮ ስንገባ ነው የምንናገር። ከኋላው ያሉትም አንድ በአንድ እንደ እንግዳ እጅ ነስተውኝ ያልፋሉ። ዓይናቸው ጎመኔ ላይ ነው፣ ቀርከሃዬ ላይ ነው፣ እኔ ላይ ግን አያርፍም።

"ምነው ቆማችሁ? ግቡና ጉሮሯችሁን አርጥቡ እንጂ!" እላቸዋለሁ በአዊኛ፣ ጠላ የሞላ ጣሳ ይዤ።

እጁን የሚዘረጋ የለም። ምንይችል፣ ጣሳ ሲያይ ዓይኑ የሚበራው ምንይችል፣ "ቆይ፣ ከሥራ በኋላ" ብሎ ፊቱን ያዞራል። ሲዞር ወገቡ ላይ የተቋጠረውን ጨርቅ አያለሁ። ምሳ ነው። አሳምነውም ቋጥሯል። ጎረቤቴ ክንዴም ቋጥሯል። ሁሉም ስንቅ ይዘዋል።

እኛ ዘንድ ለደቦ ስንቅ የሚይዝ ሰው የለም። ነውር ነው። የሚያበላው፣ የሚያጠጣው ባለመሬቱ ነው። እነዚህ ስንቅ ይዘው ከመጡ፣ ዛሬ ባለመሬቷ እኔ አይደለሁም ማለት ነው። ጣሳውን መሬት ላይ አስቀምጠዋለሁ።

ከጉሙ ውስጥ አንዲት ወጣት ብቅ ትላለች፤ የጎማ ጫማ የተጫማች፣ ገመድና ችካል የያዘች። ትዕግስት ናት፣ የከተማውን ፕላን የምትሠራው።

"እማማ፣ አልነገሩዎትም እንዴ?" ትለኛለች።

"ምኑን?"

ወደ ሰዎቹ ታያለች። ሰዎቹ መሬት መሬት ያያሉ። ጉድና ጅራት ከወደኋላ ነው የሚሉት እንዲህ ነው ለካ!

"ከተማችን የአትክልት ከተማ ልትሆን ነው" ትላለች ረጋ ብላ። "እያንዳንዱ ቤት ጓሮ ይኖረዋል፤ ዙሪያዋን ደግሞ እንደ ቀበቶ ዛፍ ይከባታል። የእርስዎ ቦታ ቀበቶው ውስጥ ገብቷል። ዛሬ ጉድጓድ ቆፍረን ችግኝ እንተክላለን። ወደፊት እዚህ ልጆች ይጫወታሉ፤ እዚያ ጋ ሽማግሌዎች ተቀምጠው አየር ይቀበላሉ።"

"እኔስ አየር የምቀበለው ከየት ነው ልጄ? ይሄ ጌሾ፣ ይሄ ጎመን፣ ያ ፖም፣ አትክልት አልሆን ብሎሽ ነው?"

"እሱ የግል ነው እማማ። ይሄ የሁላችንም ይሆናል።"

ክፋት የላትም። ክፋትስ ቢኖራት ልክ ልኳን በነገርኋት።

"ቤቴስ?"

"ክረምቱን አይነካም። ሲበጋ ይነሳል። ምትክ ቦታ ይሰጥዎታል።"

"የት?"

"እሱ ገና አልተወሰነም።"

ገመዱ ይወጠራል። አንድ ችካል ጎመኔ መሀል ይመታል፣ ሌላው ከግድግዳዬ ሥር። ውቤ ወደ እኔ ጠጋ ይልና አሁን በአዊኛ ያንሾካሹካል።

"ገመዱ አጥራችን ላይ ነው ያለፈ። የእኔ ለጥቂት ተርፏል። ለቁፋሮው ያልወጣ ሰው ግን ገመዱ ወደ ቦታው ሊገፋበት ይችላል አሉ።"

"ማን ነው ያለ?"

"እንዲያው ይባላል።"

"ብትወጣስ የማይገፋብህ መስሎሃል? አይ ውቤ!"

እያነከሰ ወደ ሰልፉ ይመለሳል።

ሁሉም በገመዱ ላይ ተሰልፈው ዶማቸውን ተደግፈዋል፤ ማንም አይጀምርም። አያ አድማሴን እየጠበቁ ነው። አያ አድማሴ ያገሩ ሽማግሌ ናቸው፤ እሳቸው ሳይመርቁ እዚህ አገር ሥራ አይጀመርም። በትራቸውን ተመርኩዘው ከኋላ ይደርሳሉ። ሮጬ እግራቸው ላይ እወድቃለሁ።

"አያ አድማሴ፣ በሞቴ፣ ዝም ይበሉልኝ! እርስዎ ካልመረቁ አንዱም ዶማ አያነሳም። ሌላ ምንም አልለምንዎትም።"

እጄን ይዘው ያነሱኛል። ፊቴን ረጅም ጊዜ ያዩታል። ካፊያው ጺማቸው ላይ ይወርዳል። ከዚያ ቆባቸውን አውልቀው እጃቸውን ወደ ሰማይ ይዘረጋሉ።

"የተተከለው ይጽደቅ።"

"አሜን!" ይላል ሰልፉ።

"የቆፈረ ክንድ አይዛል።"

"አሜን!"

"ጎረቤትን ከጎረቤት አይለየን።"

"አሜን!"

ከሁሉም ጎልቶ የሚሰማው የሴት ድምፅ ነው። የእኔ ነው። አፌ ቀድሞኛል፤ ዕድሜዬን ሙሉ ለምርቃት አሜን ሳልል ቀርቼ አላውቅም። እጆቼም ለአሜን ተዘርግተው ካፊያ እየተቀበሉ ነው። ምንይችል ዶማውን ያነሳል።