ሐይቁ ተዘግቷል

«ሐይቁ ተዘግቷል!» ትላለች ሱምያ በድምፅ ማጉያው። ጀልባዎቹ ሳይቆሙ የእኔ ልብ ቀድሞ ይቆማል።

ቁርሷን በፌስታል ይዤ ከቢሮዋ በር ላይ ነኝ። በልታ እንዳልወጣች አውቃለሁ፤ የልጅ ልጄ መቼም በልታ አትወጣም። የጀልባ ማኅበሩ የመነሻና የመድረሻ ተቆጣጣሪ አድርጎ ከቀጠራት ሁለተኛ ወሯ ነው፤ የሙከራ ጊዜዋን እንኳ አልጨረሰችም። አሁን ከደቅ ደሴት ተደወለላት። ንፋስ ተነስቷል፣ ማዕበሉ ወደናንተ እየመጣ ነው አሏት። ስልኩን አስቀመጠች፣ ወጣች፣ ተናገረች። በቃ።

እዚህ ባሕር ዳር ግን ውሃው የተወለወለ ሳህን ነው። ቅጠል አይነቃነቅም።

«ማን ነው የዘጋው?» ይላል አንዱ ከጀልባው ላይ ሆኖ። «ቁልፉንስ የት አደረግሽው፣ ሱሙ?»

ወደቡ በሳቅ ይሞላል።

«ተይው ልጄ» እላታለሁ ክንዷን ይዤ። «አባቶችሽ የሚሆኑ ሰዎች ናቸው። ንፋሱ ባይመጣስ?»

«እማ፣ ትንሽ ይጠብቁኝ።»

ትንሽ! ከሷ በፊት እዚህ የነበረ ምናሴ የሚባል ሰው ሁለት ጊዜ ዘጋ፤ ሁለቱንም ጊዜ ንፋሱ በሌላ በኩል አለፈ። በሦስተኛው ሲጣራ «አቤት» የሚለው ጠፋ። በሳምንቱ ዕቃውን ሰብስቦ ሄደ። እኔም አውቀዋለሁ ይህን ነገር። ባለቤቴ፣ አላህ ይዘንላቸውና፣ ጨው ጭነው ወደ ጎርጎራ ሲሻገሩ ዘመኔን ሙሉ «ዛሬስ ይቅሩ፣ ሰማዩ አላማረኝም» አልኋቸው። አንድ ቀን እንኳ አልቀሩም። ሁልጊዜ እየሳቁ በደህና ተመለሱ፣ አልሀምዱሊላህ። በተመለሱ ቁጥር ግን የእኔ ቃል እየረከሰ ሄደ።

ሱምያ ወረቀቷን ዘርግታ መጥራት ትጀምራለች። ማኅበሩ አምና በጉባኤ የቆረጠው ደንብ ነው። ጀልባው በስሙ ይጠራል፤ ካፒቴኑ በገዛ አፉ ይመልሳል። ያልመለሰ እንዳልሰማ ይቆጠራል፣ ቢሄድም አይጠየቅም። የመለሰ ግን ከተነሳ ወር ሙሉ ይታገዳል።

«ንጋት!»

«ሰማሁ። ተዘግቷል።» አንድ ሞተር ይጠፋል።

«ጉማሬ!»

ቁልፉን የጠየቃት ነው። ጉሮሮውን ይጠርጋል፣ ጓደኞቹን ያያል። «ሰማሁ። ተዘግቷል።»

እንዲህ እያለች ትሄዳለች። በእያንዳንዱ ስም አንድ ሞተር ዝም ይላል። አሥረኛው ሲጠፋ የሚሰማው የአንዲት ጀልባ ጉርምርምታ ብቻ ነው።

«ዓባይ!»

ዓባይ የካፒቴን ገድሉ ናት። እሳቸው የማኅበሩ ሊቀመንበር ናቸው፤ ልጄን ለመቅጠርም ለማባረርም የሚፈርሙት እሳቸው ናቸው። ጀልባዋ ሞልታለች፤ ከመሥሪያ ቤት ለሽርሽር የመጡ ሰዎች ብርቱካናማ ጃኬታቸውን አጥብቀው ተቀምጠዋል። ካፒቴን ገድሉ ወደ ሐይቁ ያያሉ፣ እንዳልሰማ ሰው።

ትጮኽባቸዋለች አልሁ። ወይም ትለምናቸዋለች።

«ዓባይ!»

የቅድሙ ድምፅ ነው፤ አልጨመረም፣ አልቀነሰም። ከዚያ ትጠብቃለች። መብራት በጠፋ ቁጥር ጉያዬ ውስጥ ትወሸቅ የነበረች ልጅ! ይህን ዝምታ ከየት አመጣችው?

ከጀልባው የኋላ ወንበር ወደ ደቅ የሚመለሱ አንዲት አሮጊት ነጠላቸውን እያጣፉ ብድግ ይላሉ። «ኧረ አንተ ሰው፣ ስትጠራህ መልስላት እንጂ! እናትህ 'አቤት' ማለት አላስተማረችህም?»

ተሳፋሪው ይስቃል። ካፒቴን ገድሉ አይስቁም። መሪውን ይይዛሉ፣ ይለቃሉ።

«ዓባይ!»

«ሰማሁ» ይላሉ በመጨረሻ። ሁለተኛው ቃል ከአፋቸው እስኪወጣ ዘመን ይመስለኛል። «ተዘግቷል።»

ሞተሩ ይጠፋል።

ያን የሚያህል ውሃ፣ ከልጅነቴ ጀምሮ የፈራሁት ውሃ! በር የለው፣ መቀርቀሪያ የለው። አሥራ አንድ ሰው «ተዘግቷል» ስላለ ተዘጋ። የእኔ «ይቅሩ» አንዲት ታንኳ እንኳ አላስቀረም።

ውሃው ግን አሁንም ሳህን ነው። ተሳፋሪው ሰዓቱን ያያል። አንዱ ያፏጫል። ዕድሜዬን ሙሉ ንፋስ እንዳይነሳ ዱዓ ሳደርግ የኖርሁ ሴት፣ ዛሬ ፌስታሌን ክንዴ ላይ አንጠልጥዬ፣ መዳፌን ዘርግቼ ንፋስ እለምናለሁ። ያ ረቢ፣ ትንሽ ብቻ፤ ሰው የማይጎዳ፣ ቃሏን የሚያቆምላት።

ካፒቴን ገድሉ ከጀልባው ይወርዳሉ። ወደ እሷ እየመጡ ነው። ሮጥ ብዬ በመካከል እቆማለሁ፣ የቁርስ ፌስታሌን እንደ ጋሻ ደረቴ ላይ ይዤ። እሳቸው ግን አያዩኝም፤ ከትከሻዬ በላይ አሻግረው ነው የሚናገሩት።

«ተቆጣጣሪ» ይላሉ ቀስ ብለው። «መቼ ነው የምትከፍችልን?»

«ከደቅ ሲደወል።»

አሥራ አንዱም ካፒቴኖች ዞረዋል። ሐይቁን የሚያይ አንድም የለም። ሁሉም አፏን ያያሉ፤ እኔም።